መጽሐፉን ሳያነቡ የትውልድ ሐረጉን ስለሚቈጥሩ ሰዎች

በመርጡለ ማርያም ገበያ ላም የሚገዛ ሰው አስቀድሞ ጡቷን ይዳስሳል፥ ጥርሷን ያያል፤ የማን ቤት ላም እንደ ሆነች የሚጠይቀው ከዚያ በኋላ ነው። ስለ «ሐተታ ዘርዓ ያዕቆብ» ግን እኛ ተምረናል የምንለው ሰዎች የላም ገዢውን ያህል ማስተዋል አጥተናል። አምና በአንድ የማኅበር ጠላ ላይ ሁለት የተማሩ ሰዎች በዚህ መጽሐፍ ምክንያት እስከ መሰዳደብ ደረሱ። እኔም በሽምግልናዬ ደፍሬ «ለመሆኑ ከሁለታችሁ ያነበበው ማን ነው?» ብላቸው ሁለቱም ዝም አሉ።

መጽሐፉ በግእዝ የተጻፈ ነው። ጸሐፊው በ1599 እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በአክሱም አካባቢ መወለዱን፥ ቅኔና የመጻሕፍት ትርጓሜ መማሩን፥ በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን የሃይማኖት ጠብ በተነሣ ጊዜ ተከሶ መሸሹንና ሁለት ዓመት በዋሻ መኖሩን ይተርካል። በዋሻው ያሰበውንም በእኔ አነጋገር ብናገረው እንዲህ ነው። እኔ ራሴን አልፈጠርሁም፤ ሳልኖር እንዴት አድርጌ እፈጥራለሁ? ወላጆቼ ፈጠሩኝ ብል፥ እነርሱንስ ማን ፈጠራቸው? እንዲህ እያሉ ወደ ኋላ ሲሄዱ፥ ማንም ያልፈጠረው፥ ለሌላው ሁሉ መነሻ የሆነ አንድ ህላዌ ሊኖር ግድ ይሆናል። ከዚህ ተነሥቶ፥ ፈጣሪ የሰጠን ልቡና ሰዎች የነገሩንን ሁሉ የምንመረምርበት ብርሃን ነው ይላል። የተፈጠረው ሁሉ መልካም ከሆነም ጋብቻ ከምንኵስና አያንስም፤ ሰውንም እንደ ከብት መሸጥና መግዛት ነውር ነው ብሎ ይፈርዳል። አንባቢ ሆይ፥ በዚህ ብትስማማም ባትስማማም አንድ ሌሊት እንቅልፍ የሚነሣ ነገር ነው። እኔ ከምንኵስናው ነገር አልስማማም።

አንደኛው ወገን ግን ይህን ትቶ «ዴካርትን ቀድመነዋል!» እያለ ደረቱን ይነፋል። ዴካርት መጽሐፉን ያሳተመው በ1637 ነው፤ ሐተታው ግን በራሱ ቃል የተጻፈው ከዚያ ሠላሳ ዓመት ያህል ዘግይቶ ነው። ለመኵራት እንኳ መቍጠር ያስፈልግ ነበር። ሁለተኛው ወገን ደግሞ «የፈረንጅ ተንኰል ነው» ብሎ ይጥለዋል። ለዚህ አባባል ምክንያት የለውም አልልም፤ የታወቁት ቅጂዎች የመጡት በ1850ዎቹ በአገራችን በነበረው በካፑቺኑ መነኵሴ በጁስቶ ዳ ኡርቢኖ እጅ ነው፤ ኮንቲ ሮሲኒም በ1920 ጸሐፊው ይኸው መነኵሴ ነው ብሎ ጻፈ። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ያስተማሩት ክሎድ ሰምነር ከ1976 ጀምሮ የኢትዮጵያዊ ሥራ ነው ብለው ተከራከሩ። ክርክሩ እስከ ዛሬ አልተዘጋም። መነኵሴው ጽፎት ከሆነ ውሸትን አጥብቆ በሚነቅፍ መጽሐፍ ዋሽቷል ማለት ነው፤ ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን «ሳልኖር እንዴት ራሴን እፈጥራለሁ?» የሚለው ጥያቄ በማን ብዕር ቢጻፍ መልስ ይፈልጋል። የመነኵሴው ነው ተብሎ አይዘለልም፤ የእኛ ነው ተብሎም አይመለስም።

ይህን የምናገረው ንጹሕ ስለ ሆንሁ አይደለም። እኔ የሚስዮን ትምህርት ቤት ልጅ ነኝ። በልጅነቴ ንባቤ እንኳ «የፈረንጅ ንባብ» ይባል ነበር፤ ግእዝም የተማርሁት ካደግሁ በኋላ፥ ማታ ማታ፥ ከአንድ ደብተራ ደጅ እየጠናሁ ነው። ስለዚህ ሐተታው በእጄ በገባ ጊዜ የእኛ ሰው ምርመራ ነው ብዬ እንደ ምስክር ወረቀት ያዝሁት፤ እኔም የዚህ አገር ልጅ መሆኔን የሚመሰክርልኝ መሰለኝ። መምህር ሆኜ ሳስተምር አንድ ቀን ከኋላ ወንበር አንድ ልጅ ተነሥቶ «የኔታ፥ ፈረንጅ ነው የጻፈው የሚሉ አሉ፤ እውነት ነው?» አለኝ። እኔ ክርክሩን አውቅ ነበር። ነገር ግን ፊቴን አጥቍሬ «አባቶችህን ለመናቅ ነው የተማርኸው? ቁጭ በል!» አልሁት። ክፍሉ ሁሉ ሳቀበት።

ምርመራን የሚያዝ መጽሐፍ ይዤ መርማሪውን አሳፈርሁ። ማንም አላዘዘኝም፤ ስለ ስሜ ፈርቼ ነው።

በዚህ በመርጡለ ማርያም የንግሥት እሌኒን ቤተ ክርስቲያን ፍርስራሽ ለእንግዳ እናሳያለን። በእሌኒ መሠረት ላይ በሱስንዮስ ጊዜ ኢየሱሳውያን እንደ ገና ሠርተውበታል። እንግዳው የድንጋዩን ቅርጽ እያየ «የትኛው የማን ነው?» ሲል ደስ ብሎን አብረን እንመለከታለን እንጂ አንቈጣም፤ ድንጋዩንም ወደ ገደል አንጥልም።

ያ ልጅ በዓመቱ ወደ ሌላ አገር ሄደ ተባለ። ቅጂዬን ልስጠው ብዬ ዘመዶቹን ጠየቅሁ፤ አድራሻውን የሚያውቅ አላገኘሁም።