አምስቱ ሞክሼ መርከቦች



አንድ ቀበሌ ውስጥ ሦስት አበበ ቢኖር ምን እናደርጋለን? አበበ ተሰማ፣ አበበ ወልዴ፣ አበበ ደስታ እያልን ባባታቸው እንለያቸዋለን። መርከብ ግን አባት የላትም። ታዲያ አምስት የጦር መርከቦች አንድ ስም ቢይዙ በምን ይለያሉ? በዓመተ ምሕረት ነው። እያንዳንዷ ተሠርታ ውሃ ላይ በወረደችበት ዓመት ትጠራለች።

ዛሬ የምናወራው ስለ አምስት የእንግሊዝ መርከቦች ነው። ስማቸው «አርክ ሮያል» ይባላል። እንግሊዞች የኖኅን መርከብም የቃል ኪዳኑን ታቦትም በአንድ ቃል «አርክ» ይሉታል። «ሮያል» ማለት የንጉሥ፣ ንጉሣዊ ማለት ነው። ዓመቱን ሁሉ የጻፍነው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው። ወደ እኛ አቆጣጠር ለመመለስ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ቀንሱ።

የመጀመሪያዋ መርከብ የተሠራችው ከእንጨት ነው። በሸራና በነፋስ ነበር የምትሄደው። ያሠራት ዋልተር ራሌ የሚባል መኮንን ነው። መኳንንቱ በዚያ ዘመን መርከባቸውን በራሳቸው ስም ይጠሩ ስለነበር «አርክ ራሌ» ተባለች። ሰውዬው ግን የንግሥቲቱ የኤልሳቤጥ ዕዳ ነበረበት። በ1587 ንግሥቲቱ መርከቧን በ5,000 ፓውንድ ገዛችው። ገንዘቡን ግን በእጁ አልቆጠረችለትም። ከዕዳው ላይ ቀነሰችለት። ይኸው ነው። መርከቧም «አርክ ሮያል» ተባለች። እንግዲህ አራት መቶ ዓመት የዘለቀው ስም የተወለደው ከዕዳ ነው።

በሚቀጥለው ዓመት፣ በ1588፣ የእስፓኝ ንጉሥ እንግሊዝን ለመውረር 130 ያህል መርከብ አዘመተ። የእንግሊዝ ባሕር ኃይል ዋና አዛዥ የተሳፈረው በዚችው በአርክ ሮያል ላይ ነበር። እንግሊዞች ስምንት መርከቦችን እሳት ለኩሰው፣ በሌሊት፣ በነፋስ እያስነዱ ወደ ጠላት ላኩባቸው። እስፓኞች ደንግጠው የመልሕቃቸውን ገመድ እየቆረጡ ተበተኑ። ወረራውም ከሸፈ።

ይህችን ሁሉ ጦርነት ያየች መርከብ ምን ገደላት? መድፍ አይደለም። በ1608 ታድሳ፣ በንጉሡ ሚስት በአን ስም «አን ሮያል» ተብላ ነበር። በ1636 የገዛ መልሕቋ ጎኗን ወጋት። ውሃ ገባና ሰመጠች። ቢያወጧትም አልዳነችም።

ከዚያ በኋላ ስሙ ለ300 ዓመት ያህል ማንም ሳይይዘው ቀረ።

የተነሣው በ1914 ነው። ዘመኑ ተለውጧል። መርከብ ብረት ሆኗል፣ አውሮፕላንም ተፈጥሯል። ሁለተኛዋ አርክ ሮያል አውሮፕላን ለመሸከም ተሠራች። አውሮፕላኖቹ ጀልባ የመሰለ እግር ነበራቸው። መርከቧ በክሬን አንሥታ ባሕር ላይ ታስቀምጣቸዋለች፤ እነሱም ከውሃው ላይ ይነሣሉ። ሲመለሱም ውሃ ላይ ያርፉና መልሳ ታነሣቸዋለች።

የዚች መርከብ ነገር ለኛም ቅርብ ነው። ከ1899 ጀምሮ ሰይድ መሐመድ አብዱላ ሐሰን የተባለ የሱማሌ መሪ እንግሊዞችን ሲወጋ ነበር። ከጣልያንም ከእኛም አገር ጦር ጋራ ተዋግቷል። እንግሊዞች በእግረኛና በግመል ጦር ደጋግመው ዘመቱበት። ሃያ ዓመት ሙሉ ሊጨርሱት አልቻሉም። በመጨረሻ አርክ ሮያል 12 አውሮፕላን ጭና በርበራ ወደብ ደረሰች። በርበራ ከጂቡቲ በስተምሥራቅ ያለ የሱማሌ ወደብ ነው። በጥር 1920 አውሮፕላኖቹ የሰይዱን ሰፈሮችና የድንጋይ ምሽጎች በቦምብ ደበደቡ። በዚያ አገር ከዚያ በፊት ከሰማይ ቦምብ ወርዶ አያውቅም። በምድርም የግመል ጦር ተከተለ። ታሌ የሚባለው ትልቁ ምሽግ በየካቲት ተያዘ። የሃያው ዓመት ጦርነት በጥቂት ሳምንት አለቀ።

ሰይዱ ግን አልተያዘም። ወደ ኦጋዴን ሸሸ። በዚያው ዓመት መጨረሻ በዋቢ ሸበሌ ወንዝ አጠገብ፣ ኢሚ በሚባለው ስፍራ፣ በአገራችን ምድር ላይ ሞተ። የገደለው ጥይት ሳይሆን በሽታ ነው። እንግሊዞች ይህን ዘመቻ «ርካሽ ድል» ብለው አደነቁት። ለማን እንደረከሰ ግን ቦምብ የወረደበት ሰው ቢጠየቅ ይሻላል።

በ1934 አንድ እንግዳ ነገር ተደረገ። ይህች መርከብ ገና በሕይወት ሳለች ስሟን ተቀማች! «ፔጋሰስ» በይ ተባለች። ለምን ቢባል፣ አዲስና ትልቅ መርከብ ሊሠራ ስለታሰበ ስሙ ለእሷ ተፈለገ።

ሦስተኛዋ በ1937 ውሃ ላይ ወረደች። ከሁሉም ስሟ የገነነው እሷ ናት። ጀርባዋ እንደ ዐውድማ ሜዳ ነው። አውሮፕላን ከላይዋ ተንደርድሮ ይነሣል፣ ተመልሶም ያርፍባታል። በ1939 ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲጀመር የጀርመን ራዲዮ «አርክ ሮያልን አሰጠምናት» ብሎ አወጀ። ውሸት ነበር። ቦምቡ አጠገቧ ወደቀ እንጂ አልነካትም።

በግንቦት 1941 ቢስማርክ የተባለችው የጀርመን መርከብ የእንግሊዝን ትልቅ መርከብ ሁድን አሰጠመች። ከ1,400 በላይ ሰው አለቀ፤ የተረፉት ሦስት ብቻ ናቸው። እንግሊዞች ቢስማርክን ሊበቀሉ አሳደዱ። የአርክ ሮያል አውሮፕላኖች ተላኩ። እነዚህ አውሮፕላኖች ያረጁ፣ ቀርፋፋ፣ ክንፋቸው በጨርቅ የተሸፈነ ነበሩ። ደግሞስ መጀመሪያ ምን አደረጉ መሰላችሁ? በጉም ውስጥ ተሳስተው የራሳቸውን ወገን መርከብ፣ ሼፊልድን፣ አጠቁ! ደግነቱ፣ በውሃ ውስጥ የሚሄደው ፈንጂ፣ ቶርፔዶ የሚሉት፣ ገና ውሃውን ሲነካ ይፈነዳ ጀመር። ሼፊልድ ተረፈች። ያ ስሕተት የፈንጂው መተኮሻ ብልሹ መሆኑን አሳየ። ተመልሰው መተኮሻውን ለወጡ፤ በዚያው ምሽት እንደገና ሄዱ። አንዱ ቶርፔዶ የቢስማርክን መሪ መታው። መሪው እንደተጠመዘዘ ተቆለፈ። መርከቧ እንደታመመ በሬ ባንድ ወገን ትዞር ጀመር። በማግስቱ ደርሰው አሰጠሟት። ከ2,000 በላይ ጀርመኖች ሞቱ። የእናት ልጅ እዚያም እዚያም ያው ነው።

ስድስት ወር ሳይሞላ ተራው የአርክ ሮያል ሆነ። ኅዳር 13 ቀን 1941፣ ጂብራልታር ወደብ ልትገባ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ሲቀራት፣ አንድ የጀርመን ሰርጓጅ መርከብ በቶርፔዶ መታት። የተመታችው በአንድ ቶርፔዶ ብቻ ነው። የሰመጠችው ግን በማግስቱ ማለዳ፣ ከ14 ሰዓት በኋላ ነው። ታዲያ በዚያ ሁሉ ሰዓት ለምን አልዳነችም? ውሃው የሞተሩን ክፍል ሲሞላ ኤሌክትሪክ ጠፋ። ኤሌክትሪክ ሲጠፋ ውሃ የሚያወጣው ፓምፕ ቆመ። ለክፉ ቀን የሚሆን ሌላ ሞተር አልነበራትም። ከእሷ በኋላ ለተሠሩት መርከቦች ይህ ታሰበበት።

ሰዎቹስ? ከ1,480 በላይ ሰው ተሳፍሮባት ነበር። የሞተው አንድ ሰው ብቻ ነው። አዛዡ ቀደም ብሎ «ሰው ይውረድ» ብሎ አዘዘ። ከዚያ በፊት ሌሎች ሁለት አውሮፕላን ተሸካሚዎች ሲሰምጡ ብዙ መቶ መርከበኞች አልቀው ነበር፤ እሱም ይህን ያውቃል። ይሁን እንጂ በኋላ ፍርድ ቤት ቀረበ። መርከቧን ለማዳን በቂ ሰው ወዲያው አላስቀረህም ተብሎ በቸልተኝነት ጥፋተኛ ሆነ። በእኔ አስተያየት ያ ፍርድ ከባድ ነው። መርከብ በሌላ ይተካል። ነገር ግን ሌሎች መርከበኞች የሚሄዱት በሚቀጥለው መርከብ ነውና ፍርድ ቤቱ የጠየቀው ጥያቄ ከንቱ ነው አልልም። ስብራቷ የተገኘው በ2002 ነው፤ 1,000 ሜትር ያህል ጥልቀት ውስጥ ተኝታለች።

አራተኛዋ በ1950 ወረደች፤ እስከ 1979 አገለገለች። በ1976 ኑሮዋ በቴሌቪዥን በተከታታይ ስለታየ የእንግሊዝ ሕዝብ ወደዳት። ስለዚህ ልትሻር ነው ሲባል ሰዉ «ስሙ አይጥፋ» ብሎ ጮኸ። ያን ጊዜ ሌላ ስም ተሰጥቷት የምትሠራ መርከብ ነበረች። ስሟ ተለውጦ አምስተኛዋ አርክ ሮያል ሆነች። በ1981 ባርካ ውሃ ላይ ያወረደቻት የዳግማዊት ኤልሳቤጥ እናት ናት። አራተኛዋንም በ1950 ያወረደችው እሷው ነበረች።

ባሕር ኃይሉ ለስም ይህን ያህል የሚጨነቀው ያለ ምክንያት አይደለም። አንዲት መርከብ የተዋጋችበት ስፍራና ዓመት በሰሌዳ ላይ ይጻፋል። ቀጥላ ያንኑ ስም የምትይዘው መርከብ ይህን ክብር ትወርሳለች። አምስተኛዋ አውሮፕላንና ሄሊኮፕተር የጫነች የብረት መርከብ ሆና ሳለ፣ በሰሌዳዋ ላይ የ1588ቱ የእንጨቷ መርከብ ውጊያ ተጽፎ ነበር። መርከበኛው በየቀኑ እያነበበው ያልፋል።

አምስተኛዋ በ2003 ወደ ኢራቅ ዘመተች። በ2011 መንግሥት ወጪ ለመቀነስ ሲል ከአገልግሎት አወጣት። በ2013 ወደ ቱርክ አገር ተጎትታ ሄደች። እዚያ ተቆራርጣ ቁርጥራጭ ብረት ሆነች።