ገመድ ሳቢዎቹን ማን ይመዝግባቸው?

ስለሚጠፉ የእጅ ሙያዎች ሲወራ እንባ የሚቀድመን ብዙ ነን። ሸማኔው ቀረ፣ ብራና ፋቂው ቀረ እንላለን፤ እውነትም ያሳዝናል። እኔ ዛሬ የማነሳው ሙያ ግን በመጥፋቱ ሳይሆን ያን ያህል ዘመን በመኖሩ ሊያሳፍረን የሚገባ ነው፦ የሰባራ ድልድይ ገመድ ሳቢነት።

ከሞጣ ወደ አባይ ሲወረድ በአፄ ፋሲል ዘመን የተሠራ የድንጋይ ድልድይ አለ። በጣሊያን ወረራ ጊዜ፣ ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም ባለው ውስጥ፣ የጠላት ጦር እንዳይሻገርበት አርበኞች መካከሉን ሰበሩት ይባላል። ጠላት ወጣ፤ ስብራቱ ግን እንደሆነ ቀረ። ታዲያ ከጎንደር በኩል ሞጣ ገበያ የሚመጣው ነጋዴ፣ ቢቸና አጠገብ ወዳለችው ዲማ ጊዮርጊስ ለትምህርት የሚወርደው የቆሎ ተማሪ በምን ይሻገር? በሰው ክንድ! ወዲህና ወዲያ ማዶ የቆሙ ወንዶች ገመድ ዘርግተው፣ መንገደኛውን ከአባይ በላይ አንጠልጥለው ይስቡታል። እጅ ቢያልብ፣ ገመድ ቢላላ፣ ከታች የሚጠብቀው አባይ ነው።

ንጉሡ ሄዱ፣ ደርግ ሄደ፣ ኢሕአዴግ ገባ። ከስድሳ ዓመት በላይ! ሦስቱም ግብር መሰብሰቡን አልረሱም፤ ድልድዩን ግን ረሱት።

በመጨረሻ ማን ደረሰ? ናሽናል ጂኦግራፊክ መጽሔት ላይ የወጣውን የገመድ ሳቢዎቹን ፎቶግራፍ እ.ኤ.አ በ2001 ያየ ኬን ፍራንትዝ የሚባል አሜሪካዊ የግንባታ ሰው! በዓመቱ፣ በ2002፣ ስብራቱ በብረት ተገጠመ። በ2005 አባይ ሞልቶ ብረቱን ሲወስደው፣ እሱ ያቋቋመው ድርጅት በ2009 ጎርፍ የማይደርስበት ተንጠልጣይ የኬብል ድልድይ አሠራ። ለሦስት መንግሥታት ተራራ የሆነው ነገር ለአንድ መጽሔት አንባቢ ይህን ያህል ነበር።

የገመዱ ሥራ አበቃ፤ እሰየው! ግን ሰዎቹስ? የድልድዩን አሠሪ ስም እነሆ ጽፌያለሁ። የመንግሥትን ሥራ በክንዳቸው ሲሠሩ የኖሩትን ስም ግን ከየት ላምጣ? በዚያ ፎቶ ዘመን ጎረምሳ የነበረ ዛሬ ሃምሳውን ቢይዝ ነው። የሞጣ ባህል ቢሮ ሆይ! ሰዎቹ ሳያልፉ ስማቸውንና ታሪካቸውን ለመመዝገብ የሚያስፈልገው እኮ አንድ ደብተርና አንድ እስክሪፕቶ ነው።

በየክረምቱ ወንዝ ሞልቶ ከትምህርት ቤት የሚቀር ልጅ፣ ከሐኪም የምትቀር ነፍሰ ጡር ዛሬም አሉ። ለእነሱስ ሌላ ፎቶግራፍ አንሺ እስኪመጣ ልንጠብቅ ነው?