የሞተ ጨዋታ የሚያስነሳ ሰው ሌባ አይደለም

ካሴት የገዛ ሰው፣ ያሳተመው ሙዚቃ ቤት ስለተዘጋ ካሴቱ ዝም አይልበትም። ክሩ እስካልተበጠሰ ድረስ ይዘፍናል። ጌም ቤት ያሳደገው የአዲስ አበባ ልጅም ይህን ያውቀዋል። አሮጌ የፊፋ ዲስክ እስካልተጫረ ድረስ፣ ሁለት ጆይስቲክና አንድ ቴሌቪዥን እስካለ ድረስ ጨዋታው ይቀጥላል። ኩባንያው ሰርቨሩን ዘግቷል ወይስ አልዘጋም ብሎ የሚጠይቅ የለም።

ያ ዘመን እያለፈ ነው። ዛሬ ዲስኩ በእጅህ፣ ደረሰኙ በኪስህ ሆኖ ጨዋታው ሊወሰድብህ ይችላል።

የፈረንሳዩ ዩቢሶፍት "ዘ ክሩ" የተባለውን የመኪና ውድድር ጨዋታ ለገበያ ያቀረበው እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2014 ነው። አሜሪካን ከዳር እስከ ዳር በመኪና የሚያስዞር፣ ብዙ ሰው የወደደው ጨዋታ ነበር። አንድ ክፉ ጠባይ ግን ነበረው። ተጫዋቹ ብቻውን ቢነዳ እንኳ ከኩባንያው ሰርቨር ጋር ካልተገናኘ አይከፈትም። በዲሴምበር 2023 ኩባንያው ጨዋታውን ከመደብር አነሳው። ማርች 31 ቀን 2024 ሰርቨሩን አጠፋው። ይህ አልበቃ ብሎ ከገዢዎቹ አካውንት ላይ ፈቃዱን መሰረዝ ጀመረ። ዕቃውን መዝጋቱ ሳያንስ ቁልፉንም ቀማ ማለት ነው።

ካሊፎርኒያ ውስጥ ገዢዎች በኖቬምበር 2024 ክስ መሠረቱ። የኩባንያው መልስ አጭር ነበር፤ እናንተ የገዛችሁት የመጠቀም ፈቃድ እንጂ ጨዋታውን አይደለም የሚል። ከሳሾቹ በበኩላቸው በማሸጊያው ውስጥ ያለው ኮድ የሚያበቃበት ጊዜ 2099 ተብሎ መጻፉን አቀረቡ። ገዢን እስከ 2099 ብሎ አሥር ዓመት ሳይሞላ መዝጋት በየትኛው ገበያ ነው ንግድ የሚባለው? መርካቶ ውስጥ እንዲህ ያደረገ ነጋዴ ስሙ ምን እንደሚባል ሁሉም ያውቃል።

እዚህ ላይ ነው ሞደሮቹ የሚመጡት፤ ሌባ የሚባሉትም እነሱ ናቸው።

መጀመሪያ የሚሠሩትን ሥራ እንረዳ። እንዲህ ያለ ጨዋታ ሲገዛ መንገዱ፣ መኪናው፣ ድምፁ፣ ከተማው በአብዛኛው በገዢው ኮምፒውተር ዲስክ ላይ ነው ያለው። ሩቅ ያለው ሰርቨር የሚይዘው መዝገቡን ነው። ይህን ያህል ገንዘብ አለህ፣ ይህቺ መኪና ያንተ ናት፣ ቀጣዩ ውድድር ተከፍቶልሃል ይላል። ጨዋታው ይጠይቃል፣ ሰርቨሩ ይመልሳል። ሰርቨሩ ሲሞት ጨዋታው የሚመልስለት አጥቶ በሩ ላይ ቆሞ ይቀራል።

ሞደሩ የሚያደርገው ለዚያ ጥያቄ መልስ የሚሰጥ ምትክ መሥራት ነው። ኤሙሌተር ይሉታል። ጨዋታው የኩባንያውን አድራሻ ሲፈልግ 127.0.0.1 ወደሚባለው፣ ማለትም ወደዚያው ወደ ራሱ ኮምፒውተር እንዲዞር ይደረጋል። እዚያ ያለው ትንሽ ፕሮግራም "አዎ፣ አውቅሃለሁ፣ ግባ" ይለዋል። ለመናገር ቀላል ነው፤ ለመሥራት ግን ወራትና ዓመታት ይፈጃል። ምክንያቱም ሰርቨሩ ምን ብሎ ይመልስ እንደነበር የሚነግር መጽሐፍ የለም። የሚገኘው ሰርቨሩ በሕይወት ሳለ በመካከላቸው ያለፈውን ንግግር አንድ ሰው ቀድቶ ካስቀመጠ ነው። ካልተቀዳ ቀሪው በግምት መሥራት ነው።

በጎ ፈቃደኞች ለዘ ክሩ ይህን አደረጉ። "ዘ ክሩ አንሊሚትድ" ያሉትን ምትክ ሰርቨር በሴፕቴምበር 2025 ለሕዝብ ለቀቁት። ጨዋታው በአንድ ሰው ኮምፒውተር ላይ እንደገና ተነሳ። ትርፍ ለማግኘት የተቋቋመው ኩባንያ ያልሠራውን፣ ደመወዝ የሌላቸው ሰዎች ከሥራና ከትምህርት በተረፋቸው ሰዓት ሠሩት። እንግዲህ ማን ማንን ሰረቀ?

"ጨዋታ ነው፣ ሌላ ይጫወቱ" የሚል አይጠፋም። ይህን የሚል ሰው በጁላይ 2009 የሆነውን ያስታውስ። አማዞን የጆርጅ ኦርዌልን "1984" ከገዢዎች ኪንድል ላይ በርቀት ሰርዞ፣ ገንዘባቸውን መልሶላቸው ነበር። ኋላ ይቅርታ ጠየቀ። ዛሬ በጨዋታ ላይ የሚለመደው አሠራር ነገ በሌላ ዕቃ ላይ ይመጣል። መኪናውም፣ ስልኩም፣ የእርሻ ትራክተሩም በውስጡ ሶፍትዌር አለው፤ ከኩባንያው ጋር እየተገናኘ የሚሠራውም እየበዛ ነው።

የኩባንያዎቹ ማኅበር፣ ቪዲዮ ጌምስ ዩሮፕ፣ መከራከሪያ አለው። በግል የሚተዳደር ሰርቨር የተጫዋቾችን መረጃ አይጠብቅም፣ ሕገወጥ ይዘት አያጠራም፣ ደግሞም ጨዋታዎቹ ከመሠረታቸው ኦንላይን ሆነው ስለተሠሩ መቀየሩ ውድ ነው ይላል።

የመጀመሪያው ነጥብ ባዶ አይደለም። ዲዝኒ የልጆች ጨዋታ የሆነውን ክለብ ፔንግዊን በማርች 2017 ከዘጋ በኋላ ማንነታቸው የማይታወቅ ሰዎች የየራሳቸውን ሰርቨር ከፍተው ነበር። ከእነዚህ አንዱ ሕፃናት ለአደጋ የተጋለጡበት ቦታ ሆኖ በ2020 ተዘጋ። የሰው ልጅ የሚገናኝበትን ቤት ከፍቶ በር ላይ ጠባቂ አለማቆም ወንጀል ነው፤ ሞደር ስለሆነ የሚማረው የለም። ነገር ግን ይህ ክርክር ብቻውን ለሚነዳ ሰው ምን አገባው? በራሱ ክፍል፣ በራሱ ኮምፒውተር፣ ያለ አንድ ሌላ ሰው የሚጫወተውን ከማን ነው የሚጠብቁት?

"ውድ ነው" የሚለው ደግሞ ሊሠራ እንደሚችል በተግባር ታይቷል። የኮሪያው ኤንሲሶፍት "ሲቲ ኦፍ ሂሮስ" የተባለውን ጨዋታ በኖቬምበር 2012 ዘጋ። በ2019 ጨዋታው ለዓመታት በድብቅ በአንድ ቡድን ሰርቨር ላይ ሲሠራ መኖሩ ታወቀ። ይህ ኮድ በይፋ የተለቀቀ አልነበረም፤ ኩባንያው ፍርድ ቤት ሊገትራቸው ይችል ነበር። ያደረገው ግን ሌላ ነው። በጃንዋሪ 2024 "ሆምካሚንግ" ለተባለው የአፍቃሪዎች ሰርቨር ሕጋዊ ፈቃድ ሰጠ። ጨዋታው በነፃ፣ በመዋጮ ይሠራል። ኤንሲሶፍት በዚህ ምክንያት ከሰረ የሚል የለም።

ብሊዛርድም ሌላ ምስክር ነው። የድሮውን ወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት ያስነሳውን ኖስታልሪየስ የተባለ ሰርቨር በ2016 በጠበቃ ደብዳቤ አዘጋ። በ2019 ያንኑ የድሮ ጨዋታ ራሱ "ክላሲክ" ብሎ አወጣው። ፈላጊ መኖሩን ያሳዩት እነዚያው የተባረሩት ናቸው።

ሕጉስ? የአሜሪካ ሕግ የዲጂታል ቁልፍ መስበርን በጥቅሉ ይከለክላል። ሆኖም በ2015 በተሰጠ ልዩ ፈቃድ፣ ሰርቨሩ የተዘጋበትን ሙሉ ጨዋታ በሕጋዊ መንገድ የገዛ ሰው ለግሉ እንዲጫወትበት ማስነሳት ይችላል። በ2018 ለቤተ መዘክሮችና ለቤተ መጻሕፍት በራሳቸው ግቢ ውስጥ ሰፋ ተደረገላቸው። ዋናው የጨዋታው ይዘት በሰርቨሩ ላይ የነበረ ከሆነ ግን ተራው ገዢ አሁንም ከፈቃዱ ውጭ ነው። በአውሮፓ በዘ ክሩ መዘጋት የተነሳው "ስቶፕ ኪሊንግ ጌምስ" የተባለው ዘመቻ የአንድ ሚሊዮን ፊርማ መስፈርቱን አልፎ ጥያቄውን ለአውሮፓ ኮሚሽን አድርሷል። የሚጠይቀው ሰርቨር ለዘላለም ይሠራ አይደለም። ስትዘጉ የሚሠራ ነገር ትታችሁ ዝጉ ነው የሚለው። ስዊድንና ጀርመን ያሉ ዜግነት የያዙ አበሾችም የመፈረም መብት ነበራቸው፤ ስንቱ እንደሰማ ግን እንጃ።

ይህን ሥራ መጀመር የሚፈልግ ወጣት አለ፤ ኮምፒውተር ሳይንስ የሚማር፣ የሚወደው ጨዋታ ሊዘጋ ነው ሲባል የሰማ። ትልቁ ስህተቱ ከተዘጋ በኋላ መጀመሩ ነው። የመዝጊያው ቀን ሲታወጅ ያኔውኑ የጨዋታውን ፋይሎች ሳይነካ ሌላ ዲስክ ላይ ይገልብጥ። እየተጫወተ ዋየርሻርክን የመሰለ ፕሮግራም ከፍቶ በኔትወርኩ ላይ የሚያልፈውን ይቅዳ። ንግግሩ ብዙውን ጊዜ የተመሰጠረ ስለሆነ መጀመሪያ ላይ ምንም አይገባውም፤ ቢሆንም ያልተቀዳ ነገር በኋላ አይፈታም። ምን ሲጫን ምን እንደተላከ በማስታወሻ ይጻፍ፤ ቪዲዮም ይቅረጽ። ከዚያ ብቻውን አይታገል፤ አብዛኛውን ጊዜ የጀመረ ቡድን አለ፣ የጎደለው ፓኬት ከሌላ ሰው እጅ ይገኛል።

ገንዘብ ግን አይጠይቅበት። በሌላ ሰው ሥራ ላይ መግቢያ ማስከፈል የጀመረ ቀን ክርክሩን ለኩባንያው ጠበቃ አስረከበ ማለት ነው። የኩባንያው ኮድ ሾልኮ ወጣ ተብሎ ሲሰጠውም አይንካው። ኤንሲሶፍት የለገሰውን ምሕረት ሁሉም ኩባንያ አይለግስም፤ በኤፕሪል 2022 ለንደን ውስጥ ሌላ የክለብ ፔንግዊን ሰርቨር በፖሊስ ምርመራ ተዘግቶ ሰዎች ታስረዋል።

ዩቢሶፍትም ቢሆን ከጩኸቱ በኋላ ተንቀሳቅሷል። በሴፕቴምበር 2024 ለተከታዮቹ ጨዋታዎች ያለ ኢንተርኔት የሚሠራ አማራጭ እንደሚያመጣ ተናገረ፤ ለ"ዘ ክሩ 2" በኦክቶበር 2025 አወጣው። አይቻልም ሲባል የነበረው ነገር በአንድ ማሻሻያ መጣ። የመጀመሪያው ዘ ክሩ ግን ከኩባንያው መደብር እንደወጣ ቀርቷል። ዲስኩን የያዘ ሰው ዛሬ መኪናውን መንዳት ከፈለገ የሚከፍትለት ያ በበጎ ፈቃደኞች የተሠራው ሰርቨር ነው።