ቤቱ ተቃጠለ፣ ዕዳው ቀረ

የምታመልክባት ቤተ ክርስቲያን ተመርቃ ሁለት ወር ሳይሞላት ብትቃጠል፣ ከዚያም “ዕዳችሁን ክፈሉ” ብትባሉ ምን ትል ነበር? በአሜሪካ፣ በኦክላሆማ ግዛት፣ በተልሳ ከተማ የሚገኙ ጥቁር አማኞች የገጠማቸው ይህ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1921 ዓ.ም. አንድ ጥቁር ወጣት በሊፍት ውስጥ ነጭ ሴት ላይ ጥቃት ፈጽሟል ተብሎ ታሰረ፤ ክሱ በኋላ ተነሥቷል። የታጠቁ ነጮች ግን ከሜይ 31 እስከ ጁን 1 ግሪንዉድ የተባለውን የጥቁሮች ሰፈር አጋዩት። ከመካከላቸው ከፖሊስ ሥልጣን የተሰጣቸው ነበሩ። ከ1,200 በላይ ቤቶች ወደሙ፤ የሞቱትም እስከ 300 እንደሚደርሱ ይገመታል። የኢንሹራንስ ድርጅቶች “ጉዳቱ በሁከት የመጣ ነው” ብለው ካሣ ከለከሉ።

ማውንት ዛየን ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያንም አብራ ነደደች። ምእመናኑ ለሕንፃው የተበደሩትን 50,000 ዶላር ከፍለው የጨረሱት በ1942 ነው። እንግዲህ አስብ፤ ሌላው ለልጁ ቤትና ንግድ ሲያወርስ፣ እነርሱ ለ21 ዓመት የአመድ ዕዳ ይከፍሉ ነበር። የጠፋው ሀብት ለልጅ ልጅም አልደረሰም።

ሁለተኛው ቁስል ዝምታው ነው። ጉዳዩ ለአሥርተ ዓመታት በትምህርት ቤት አልተነገረም። ግዛቱ ያቋቋመው ኮሚሽን ሪፖርቱን ያወጣው በ2001 ነው። በሕይወት የቀሩ አዛውንት ያቀረቡትን የካሣ ክስ የግዛቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2024 ውድቅ አደረገው።

በ2ኛ ሳሙኤል 21 የገባዖንን ሰዎች ደም ያፈሰሰው ሳኦል ነበር፤ ራቡ ግን በዳዊት ዘመን መጣ። የታሪኩ ፍጻሜ ከባድ ነው። ሆኖም ዳዊት “እኔ አልገደልሁም” ብሎ አልተቀመጠም። የተበደሉትን ጠርቶ ምን ላድርግላችሁ ብሎ ጠየቃቸው።

በአሜሪካ የምትኖር ወገኔ፤ ብዙዎቻችን ጥቁር ጎረቤታችንን “ያለፈውን ለምን አትረሱም?” እንላለን። እኔም ብያለሁ። ዕዳውን ያልከፈለ ሰው መርሳት ይቀለዋል። ይቅርታ የወንጌል ልብ ነው፤ ነገር ግን ይቅርታ እውነትን ይናገራል እንጂ አይቀብርም። ስለዚህ ከመምከርህ በፊት ቁጭ ብለህ ስማ፤ ከዚያም እንደ ዳዊት ጠይቅ።

ጌታ የሚሰማ ጆሮ ይስጠን።