የጤና መድን ቁጥርዎን ማን ይጻፈው?

ዛሬ ስለ በሽታ ሳይሆን ስለ አንድ ቁጥር ላወራችሁ ነው። «ዶክተር፣ ይሄ እኮ የሒሳብ ክፍል ጉዳይ ነው» የምትሉኝ ትኖራላችሁ። እኔም ድሮ እንደዚያ ነበር የማስበው።

የማኅበረሰብ አቀፍ ጤና መድን አባል ሲታከም መታወቂያውን ያሳያል እንጂ ገንዘብ አይቆጥርም። ተቋሙ ግን የምርመራውንና የመድኃኒቱን ወጪ መዝግቦ፣ ሰብስቦ፣ ለመድን ጽሕፈት ቤቱ የክፍያ ጥያቄ ይልካል። እዚያ ደግሞ የመታወቂያ ቁጥሩ፣ እድሳቱ፣ የሪፈር ወረቀቱና የመድኃኒት ማዘዣው አንድ በአንድ ይታያል። ቁጥሩ ከጎደለ ታካሚው የየትኛው ወረዳ አባል እንደሆነ፣ ማን መክፈል እንዳለበትም አይታወቅም። ጥያቄው ይመለሳል።

ጂንካ ላይ ነገሩ ይበልጥ ይከብዳል። ከዲመካ፣ ከቀይ አፈር፣ ከጋዘር፣ ከማሌ የመጣው ሁሉ ለሪፈር እዚሁ ይሰለፋል። በነሐሴ 2015 የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት አሪ ራሱን የቻለ ዞን ሆነ፤ ታማሚው ግን መንገዱን አልቀየረም። በአንድ መስኮት የብዙ ወረዳ አባል ሲስተናገድ ከፋዩን በግምት መለየት አይቻልም።

በስምም አይቻልም። የሐመር ወይም የአሪ ስም በአማርኛ ፊደል ሲጻፍ አንዱ ጸሐፊ እንደሰማው፣ ሌላው እንደመሰለው ያሰፍረዋል። ከዓመታት በፊት በሠራሁበት አንድ ተቋም፣ ሳንባ ምች የያዘው ልጇን ያዘለች እናት ካርድ ክፍል መስኮት ላይ ቆማ አገኘኋት። በሪፈር ወረቀቱና በመታወቂያው ላይ ያለው ስሟ አልገጠመም፤ «ይሄ ያንቺ አይደለም» ተብላለች። አማርኛ አትሰማም። ልጁ እያቃሰተ፣ ደረቱ ወደ ውስጥ እየተሰረጎደ ነበር። በኋላ ቁጥሩ ሲመሳከር አንድ ሆኖ ተገኘ። ለካ መጀመሪያውኑ መታየት የነበረበት እሱ ነበር!

ያልተከፈለ ጥያቄ ሲከማች ጉዳቱ ሒሳብ ክፍል አይቀርም። ተቋሙ መድኃኒት የሚገዛበት ገንዘብ ይቀንሳል። ከዚያ ለደም ግፊት ክትትል የመጣ ሰው «ከውጭ ግዙ» ይባላል፤ አቅም ከሌለው ክኒኑን ያቆማል። ቀጣዩን ታውቁታላችሁ፤ ስትሮክ።

በአሜሪካ እያንዳንዱ የመድን ድርጅት መለያ ኮድ አለው፤ በኮምፒውተር የሚላክ የክፍያ ጥያቄ ትክክለኛው ከፋይ ጋ የሚደርሰው በዚያ ነው። መንግሥታቸው በ2012 እ.ኤ.አ. አንድ ወጥ አገር አቀፍ መለያ ደንግጎ ነበር፤ ነባሮቹ ኮዶች ሥራውን እየሠሩ ስለነበር በ2019 ሰረዘው። እኛም ጋ አዲስ ቁጥር መፍጠር መፍትሔ አይመስለኝም። «ፋይዳ ሲመጣ ይቃለላል» የሚሉ አሉ። የፋይዳ 12 አኃዝ ሰውየው ማን እንደሆነ ይነግረናል፤ የዘንድሮን መዋጮ ለየትኛው ወረዳ እንደከፈለ ግን ከመድኑ መዝገብ ጋር ካልተያያዘ በቀር አይነግረንም።

ስለዚህ ሸክሙ የእኛ የጤና ባለሙያዎች ነው ባይ ነኝ። ማንበብ የማትችል እናት ቁጥሯ በትክክል መጻፉን እንድታረጋግጥ መጠበቅ ግፍ ነው። ካርድ ክፍል ቁጥሩን ከመታወቂያው ላይ ሙሉውን ይገልብጥ፤ ሐኪሙም ማዘዣው ላይ ይድገመው። ኮምፒውተር ያለበት ቦታ ደግሞ ኮድ የጎደለውን ታካሚው ፊቱ እያለ «አልመዘግብም» ይበል እንጂ ወራት ቆይቶ አይመልሰው። እኔ ራሴ ወረፋ ሲበዛ ያንን ሳጥን ባዶ የተውኩበት ቀን ብዙ ነው።

እናንተም መታወቂያችሁን በጊዜው አሳድሱ፤ ሪፈር ወረቀት ሳትይዙ አትምጡ። ቁጥሩን በስልካችሁ ፎቶ አንሱት፤ ዋናውን ባይተካም ለማመሳከር ይረዳል። ማዘዣው ላይ ቦታው ክፍት ከሆነ «ዶክተር፣ ቁጥሬን አልጻፍክም» በሉኝ፤ አልቀየምም።