«ስንት ኩንታል?» ከማለት ባሻገር፤ የኃይሌ ገሪማ ፊልም ለገጠር ዘገባ ያለው ትምህርት

አርሶ አደሩ በቴሌቪዥን መስኮት ጎልቶ የሚታየው በሁለት ጊዜያት ነው፤ አዝመራው ሲያምርና ድርቅ ሲገባ። በሁለቱም ጊዜያት ካሜራው ፈጥኖ ይመለሳል። ይህ ልማድ ምን እንደሚሰውር ለመረዳት የጎንደር ተወላጁን የፊልም ዳይሬክተር የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን ሥራ መለስ ብሎ ማየት ይጠቅማል።

እ.ኤ.አ. በ1946 የተወለዱት ኃይሌ የተውኔት ጸሐፊ ልጅ ናቸው። በ1967 ወደ አሜሪካ አቅንተው በቺካጎ ቴአትር፣ በሎስ አንጀለስ ደግሞ ፊልም ተምረዋል። ገና ተማሪ ሳሉ፣ በ1974 ወደ አገራቸው ተመልሰው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተሰኘውን የአማርኛ ፊልም ቀረጹ። ጊዜው የንጉሠ ነገሥቱ ሥርዓት የሚያከትምበት፣ የየካቲት 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅም ገና ያልታወጀበት ነበር።

ፊልሙ ለባለመሬት የሚያርስን የአንድ ጭሰኛ ቤተሰብ ኑሮ ያሳያል። ባለመሬቱ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ያዝዛል፤ ቤተሰቡ ከንጋት እስከ ምሽት ይለፋል። ካሜራውን የያዘው ኤሊየት ዴቪስ ቢሆንም፣ የትዕይንቱን እርጋታ የወሰኑት ዳይሬክተሩ ናቸው። ሁለት ሰዓት ተኩል በሚፈጀው በዚህ ጥቁርና ነጭ ፊልም የገበሬው ድካም የሚታወቀው በንግግር ብቻ አይደለም፤ በሚጓዘው መንገድ ርዝመት ጭምር ነው።

የፊልሙ ዐቢይ ጥያቄ «ምርቱ ለማን ነው?» የሚል ነው። እኛ ዘጋቢዎች ግን በአመዛኙ «በሄክታር ስንት ኩንታል ተገኘ?» ብለን እንመለሳለን። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢም በግብርና ኮሌጅ የተማረው ምርትን መለካት በመሆኑ፣ ከዚህ ልማድ ነጻ አይደለም። ኩንታሉ ከተቆጠረ በኋላ ለእኩል አራሹ፣ ለማዳበሪያ ዕዳና ለበሬ ኪራይ የሚሄደው ተቀንሶ ለጎተራው የሚተርፈው ስንት እንደሆነ ካልተጠየቀ፣ ዜናው እውነት ሆኖም ጎዶሎ ነው።

በእርግጥ የኃይሌ መንገድ ዋጋ ያስከፍላል። «ሳንኮፋ» የተሰኘውን የ1993 ፊልማቸውን የሚያከፋፍል ድርጅት ሲያጡ፣ ራሳቸው አዳራሽ እየተከራዩ ለተመልካች አድርሰዋል። በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የተሸለመው «ጤዛ» ተሠርቶ እስኪያልቅ ብዙ ዓመታት ወስዷል። የዕለት ዜና የሚያዘጋጅ ክፍል ይህን ያህል ጊዜ የለውም።

ይሁን እንጂ አንድን ማሳ በእርሻ፣ በአረምና በአጨዳ ወቅት ሦስት ጊዜ መጎብኘት አይሳነውም። መጀመሪያ የተናገረው ገበሬ እህሉን ወቅቶ ሲያካፍል እንደገና ቢጠየቅ፣ ከተሜው ተመልካች በገበያ የሚገዛው ጤፍ በማን ላይ ምን ዕዳ ጥሎ እንደመጣ ያውቃል፤ ገበሬውም የራሱን ሒሳብ በራሱ አንደበት ያስረዳል።