የጨዋታን ፋይል ከፍቶ ማረም ጥፋት ነውን?

በዓመት አንድ ጊዜ በሚወጣው በዚህ መጽሔታችን ላይ ስለ ጥናት፣ ስለ ንጽሕና፣ ስለ ዛፍ ተከላና ስለ መልካም ጓደኝነት ብዙ ጠቃሚ ነገር ተጽፏል። እኔ ግን ዘንድሮ ብዕሬን ያነሣሁት ስለ ኮምፒውተር ጨዋታ ለመጻፍ ስለሆነ፥ ገና ርእሱን እንዳዩ ገጹን የሚገለብጡ ወላጆችና መምህራን እንደሚኖሩ ዐውቃለሁ። እባካችሁ ጥቂት ታገሡኝ። የእኔ ነገር ስለ መጫወት ሳይሆን፥ ጨዋታው አልሄድ ባለ ጊዜ ውስጡን ከፍቶ ስለ መመልከት ነው።

የነገሩ መነሻ እንዲህ ነው። በጎንደር ዩኒቨርሲቲ ይማር የነበረው የአክስቴ ልጅ ትምህርቱን ጨርሶ ሥራ በያዘ ጊዜ አሮጌ ላፕቶፑን ለእኔ ሰጠኝ። ባትሪው የሞተ ስለሆነ መብራት ሲጠፋ እርሱም አብሮ ይጠፋል፤ ኮሶዬ ላይ ደግሞ መብራት በስንት ሰዓት እንደሚጠፋ አስቀድሞ የሚያውቅ የለም። ሚሞሪው 4 ጊጋባይት ብቻ ነው፤ ለሥዕል ተብሎ ለብቻው የተሠራ ካርድም የለውም። በውስጡ ግን ዩሮ ትራክ ሲሙሌተር 2 የተባለ ጨዋታ ተጭኖበት አገኘሁ። ይህን ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ2012 ያወጣው ኤስ ሲ ኤስ ሶፍትዌር የተባለ የቼክ አገር ኩባንያ ሲሆን፥ ተጫዋቹ በትልቅ የጭነት መኪና ጋቢና ተቀምጦ በአውሮፓ ከተሞች መካከል ዕቃ ያመላልሳል። መተኮስም ሆነ መገዳደል የሌለበት ጨዋታ ነው።

ቤታችን ከጎንደር ወደ ደባርቅ በሚወስደው መንገድ ዳር ስለሆነ፥ ከሕፃንነቴ ጀምሮ ከባድ መኪና ዳገቱን ሲያቃስት እየሰማሁ አድጌአለሁ። አባቴም የአይሱዙ ሹፌር ናቸው። ከአምባ ጊዮርጊስና ከዳባት ገብስና ድንች ጭነው ወደ ጎንደር ይወርዳሉ፤ አንዳንድ ጊዜም ደባርቅን አልፈው፥ በጣልያን ወረራ ዘመን በተቆረጠው በሊማሊሞ ጠመዝማዛ ቁልቁለት ወደ ዛሪማና ወደ አዲ አርቃይ ይሄዳሉ። እንግዲህ ከጨዋታ ሁሉ ይህን መውደዴ አያስገርምም።

ዳሩ ግን ጨዋታው በእኔ ላፕቶፕ ላይ አልነዳ አለ። የሲኒማ ፊልም የሚንቀሳቀስ መስሎ የሚታየን በሴኮንድ 24 ሥዕሎች ስለሚያልፉ ነው። የኮምፒውተር ጨዋታም እንደዚሁ ነው፤ ልዩነቱ ፊልሙ ሥዕሎቹን አስቀድሞ ሥሎ ሲጨርስ፥ ኮምፒውተሩ ግን እያንዳንዱን ሥዕል እዚያው በዚያው መሣል አለበት። የእኔ ላፕቶፕ በሴኮንድ ከ11 በላይ ሊሥል አልቻለም። መሪውን ዛሬ ባዞር መኪናው ነገ የሚዞር ይመስላል፤ እኔም በየመታጠፊያው ገደል እገባለሁ። አንድ ማታ አባቴ ከኋላዬ ቆመው ጥቂት ተመለከቱና፥ «ምነው፤ ይኼ መኪና ምን ሆኗል?» ብለው ጠየቁኝ። «ላፕቶፑ አልቻለውም፤ ሥራው በዝቶበት ነው» አልኋቸው። «በዝቶበት እንደሆን ታዲያ ጭነቱን አትቀንስለትም?» ብለው ወደ መኝታቸው ሄዱ።

ይህ የሆነው በ2016 ዓ.ም. መጀመሪያ ነው። በዚያን ጊዜ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ስለ ነበር፥ ጭነቱ እንዴት እንደሚቀነስ የምፈልግበት ቦታ አልነበረኝም። ስለዚህ በላፕቶፑ ውስጥ ያሉትን ፎልደሮች አንድ በአንድ መክፈት ጀመርሁ። በሦስተኛው ቀን ሰነዶች በሚቀመጡበት ፎልደር ውስጥ በጨዋታው ስም የተጠራ ሌላ ፎልደር፥ በእርሱም ውስጥ ኮንፊግ የሚል ፋይል አገኘሁ። ኮንፊግ ማለት ቅንብር እንደ ማለት ነው። በኖትፓድ ስከፍተው የማይነበብ ነገር የሚመጣ መስሎኝ ነበር። የመጣው ግን ተራ ጽሑፍ ነው! በያንዳንዱ መስመር መጀመሪያ ዩሴት የሚል ቃል፥ ቀጥሎ የአንድ ነገር ስም፥ በመጨረሻም በትእምርተ ጥቅስ መካከል አንድ ቁጥር ተጽፏል። የጥላው ጥራት ይህን ያህል፣ የመስተዋቱ ይህን ያህል፣ በመንገድ ላይ የሚታየው የመኪና ብዛት ይህን ያህል እያለ ይወርዳል። እኔ እንደ ድንጋይ የማይለወጥ መስሎኝ የነበረው ጨዋታ ለካ ሰው በቁጥር የወሰነው ነገር ኖሯል።

በነገራችን ላይ፥ በዚያው አካባቢ ፕሮፋይልስ በሚባለው ፎልደር ውስጥ ስሙ ቁጥር በቁጥር የሆነ ሌላ ፎልደር አይቼ ብዙ ተጨነቅሁበት። በኋላ እንደ ደረስሁበት፥ ይህ በጨዋታው ውስጥ ለራሴ የሰጠሁት «ኮሶዬ» የሚለው ስም ነበር። በላቲን ስድስት ፊደል ነው፤ እያንዳንዱ ፊደል ኮምፒውተር በሚቈጥርበት በ16 መደብ ሁለት ሁለት ምልክት ሆኖ ተጽፏል፤ ኤስ 53፥ ዋይ 59፥ ኢ 45 እያለ። በሒሳብ ክፍለ ጊዜ ስለ ቁጥር መደብ ስንማር ለምን እንደሚያገለግል ጠይቄ አጥጋቢ መልስ ያላገኘሁበት ነገር፥ የመንደሬን ስም ለብሶ ተቀምጦ አገኘሁት።

ወደ ነገሬ ልመለስ። የመጀመሪያው ሥራዬ ውጤቱ ኀፍረት ነበር። ጨዋታው ክፍት ሳለ ቁጥሮቹን ለወጥሁ፥ ሴቭም አደረግሁ፤ ጨዋታውን ዘግቼ ስከፍተው ሁሉም እንደ ነበረ ተመልሷል። ጨዋታው ሲዘጋ የራሱን ቁጥሮች መልሶ እንደሚጽፍበት አላወቅሁም ነበርና። በማግሥቱ ጨዋታውን ዘግቼ፥ ዐሥራ አምስት ያህል ቁጥር ባንድ ጊዜ ለዋወጥሁ፤ የስክሪኑን ስፋትና ቁመት ሳይቀር። ስከፍተው ጥቁር ሆነ። ከዐሥራ አምስቱ የትኛው ጥፋተኛ እንደሆነ አላውቅም፤ የቀድሞውንም ቁጥር አልጻፍሁም፤ የፋይሉንም ኮፒ አላስቀመጥሁም። የአክስቴ ልጅ የሰጠኝን ንብረት ያጠፋሁ መስሎኝ ያን ሌሊት አልተኛሁም። በመጨረሻ ተስፋ ቈርጬ ፋይሉን ጨርሼ ሳጠፋው፥ ጨዋታው ራሱ አዲስ ፋይል ጽፎ እንደ ደኅና ተነሣ።

ከዚያ በኋላ አንድ ደብተር ያዝሁ። ፋይሉን ከመንካቴ በፊት ኮፒውን በሌላ ስም አስቀምጣለሁ፤ አንድ ቁጥር ብቻ እለውጣለሁ፤ ጨዋታውን ከፍቼ እለካለሁ፤ እጽፋለሁ። መለኪያውም በዚያው በፋይሉ ውስጥ ነበር። ጂ-ኤፍ-ፒ-ኤስ የሚለውን ከ0 ወደ 1 ሲለውጡት በስክሪኑ ጥግ ላይ በሴኮንድ ስንት ሥዕል እንደሚሣል ይጽፋል። በከተማና በገጠር፣ በዝናብና በፀሓይ ውጤቱ ስለሚለያይ፥ ሁልጊዜ በአንድ መንገድ ላይ በቀን ብርሃን እለካ ነበር።

ከሁሉ ይበልጥ ያስደነቀኝ የሥዕሉን መጠን የሚወስነው አር-ስኬል የሚባለው ቁጥር ነው። ስክሪኔ በአግድም 1366፥ በቁም 768 ነጥቦች አሉት፤ ሲባዙ 1,049,088 ይሆናሉ። ላፕቶፑ ይህን ሁሉ ነጥብ በሴኮንድ 11 ጊዜ ይሥል ነበር ማለት ነው። አር-ስኬል ለአግድሙም ለቁሙም ከ1 ወደ 0.5 ቢወርድ፥ ሥራው በግማሽ የሚቀንስ ይመስላል፤ ነገር ግን 683 በ384 ሲባዛ 262,272 ነው፤ ይኸውም ሩቡ ነው። ሆኖም በ0.5 የመንገድ ምልክቶቹን ማንበብ አቃተኝና 0.75 ላይ ተውሁት፤ በዚህም ነጥቡ ወደ 56 ከመቶ ወረደ። ጥላውን ዝቅ ሳደርግ 11 የነበረው 15 ሆኖ ነበር፤ አር-ስኬልን ስጨምርበት 21 ደረሰ።

ቀጥሎ ስፖኪዮው መጣ። ኮምፒውተሩ በስፖኪዮ ውስጥ የሚታየውን ለማሳየት፥ ከኋላ ያለውን መንገድ እንደ ሌላ ሥዕል ዳግመኛ መሣል አለበት፤ ስፖኪዮው በበዛ ቁጥር ሥራው ይበዛል። ሁሉንም ባጠፋ 27 ሆነ። እጅግ ተደስቼ አባቴን ጠርቼ መሪውን ሰጠኋቸው። ጥቂት ነድተው አቆሙና፥ «ስፖኪዮ የሌለው መኪና ተሳቢ አስጐትቶ አይነዳም፤ ይህን ማን አስተማረህ?» አሉኝ። እውነታቸውን ነው። መልሼ አበራሁት፤ ግን ጥራቱን ዝቅ፥ የሚያሳየውን ርቀትም አጠር አድርጌ ነው። በምትኩ በመንገዱ ላይ የሚታየውን የመኪና ብዛት ከ1 ወደ 0.5 አወረድሁ። ዛሬ 24 ላይ እነዳለሁ።

ይህን ያነበበ ሰው፥ «እነዚህ ቁጥሮች አብዛኞቹ በጨዋታው ማውጫ ውስጥም ይገኙ የለምን?» ሊለኝ ይችላል። ይገኛሉ። ነገር ግን ማውጫው አብዛኛውን ጊዜ የሚለው «ዝቅተኛ፣ መካከለኛ፣ ከፍተኛ» ነው፤ ፋይሉ ግን ምን ያህል እንደሆነ ይናገራል። «መካከለኛ» ከሚለው ቃል ምንም አልተማርሁም፤ ከ0.75 ግን ብዙ ተማርሁ።

ሌላው ክርክር፥ የሰው ሥራ መነካካት ነውር ነው የሚል ነው። እኔ ግን እንደዚያ አይመስለኝም። ይህ ፋይል ያልተቈለፈ፥ በተራ ፊደል የተጻፈ ነው፤ ሠሪዎቹ ሰው እንዳያነበው ቢፈልጉ ኖሮ እንዲህ አይተዉትም ነበር። ልማዱም የቈየ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1996 የወጣው ኩዌክ የተባለው ዝነኛ ጨዋታ እንኳ ተጫዋቹ በራሱ እጅ የሚጽፈው የቅንብር ፋይል ነበረው። በእርግጥ ከሌላ ሰው ጋር በሚደረግ ውድድር፥ የተደበቀውን ተቃዋሚ ለማየት ብሎ ሣሩን ከፋይሉ ማጥፋት ማታለል ነው፤ እርሱን አልደግፍም። ብቻዬን በምነዳው መኪና ግን ማንን አታለልሁ?

ወላጆች የሚያነሡት የጊዜ ነገር ግን እውነትነት አለው፥ አልክድም። በዚያ በ2016 ዓ.ም. የመጀመሪያ መንፈቅ ዓመት ከሦስተኛ ወደ ዘጠነኛ ወርጃለሁ። ይህን ለእናቴ ማስረዳት አሳፍሮኝ ነበር። አሁን ጨዋታውን የምከፍተው ቅዳሜ ማታ ብቻ ነው።

የሆነ ሆኖ ይህን ሁሉ ያነሣሁበት ምክንያት የኮምፒውተር ክፍላችን ጉዳይ ነው። እዚያ ተማሪው የሚማረው ከመጽሐፍና ከሰሌዳ ነው፤ ኮምፒውተሩ ፊት ሲቀመጥም መጀመሪያ የሚሰማው «አትንኩ» የሚለውን ነው። እኔ ራሴ የአንዱን ቅንብር ከፍቼ ሳይ ከክፍል ወጥቻለሁ። የመምህሩ ፍርሃት ይገባኛል፤ አንዱ ቢበላሽ ጠጋኝ የሚገኘው ጎንደር ነው፥ የመጓጓዣውም ገንዘብ አለ። ነገር ግን በ2016 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል አገር አቀፍ ፈተና ለከፊሉ ተማሪ በወረቀት፥ ለከፊሉ በኮምፒውተር ተሰጥቷል። ፊዚክሱን ጠንቅቆ የሚያውቅ የገጠር ልጅ ማውዝ ሲይዝ እጁ ቢንቀጠቀጥ፥ ያጣው ዕውቀት አይደለም፤ መንካት የተፈቀደለት ቀን ስለሌለ ነው።

ስለዚህ ለርእሰ መምህራችንና ለወላጆች ኮሚቴ አንድ ሐሳብ በአክብሮት አቀርባለሁ። በክፍሉ ጥግ ከጥቅም ውጭ ተብለው አቧራ የለበሱ ሁለት ኮምፒውተሮች አሉ። እነርሱ ቅዳሜ ጧት ከሦስት እስከ ስድስት ሰዓት ይከፈቱልን። ፋይላቸውን እናንብብ፤ ኮፒ አስቀምጠን እንለውጥ፤ የለወጥነውን ሁሉ ስማችንን ጽፈን በአንድ መዝገብ ላይ እናስፍር፤ ያጠፋው ማን እንደሆነም በዚያው ይታወቃል። ጠባቂ መምህር ካልተገኘ ቍልፉን ለመረከብና ለመፈረም እኔና ሦስት የክፍል ጓደኞቼ ተስማምተናል፤ አባቴም ለአንደኛው የተቃጠለ የኤሌክትሪክ ገመድ ምትክ ከጎንደር ለማምጣት ቃል ገብተውልኛል። ደብተሬን ማየት የሚፈልግ ደግሞ በዕረፍት ሰዓት በ12ኛ «ለ» ክፍል ያገኘኛል፤ ብቻ ገጽ 9 ላይ ያለው የጥላ ቁጥር ስሕተት ስለሆነ እንዳትገለብጡት።